«ኧረ ቁጭ በል በሉት!»

እናቴ «እምቢ» ስትል ሰምቼ አላውቅም። እምቢታዋ ዝምታ ነው። በልጅነቴ አንድ ነገር ጠይቄአት ዝም ካለችኝ ነገሩ እንዳበቃለት አውቅ ነበር። አባቴም ጌታ ዘንድ እስኪሄድ ድረስ «እናትሽ ዝም ካለች ይግባኝ የለውም» እያለ ይስቅባት ነበር። «ዝም አይነቅዝም» ይላሉ። በእኛ ቤት ግን በእናቴ ዝምታ ስንቱ ነገር ነቅዞ እንደቀረ እኔ ነኝ የማውቀው።

ስለዚህ ባለፈው ሚያዝያ፣ ልትጠይቀኝ ከአዲስ አበባ መጥታ ዳላስ አጠገብ ጋርላንድ ባለው አፓርታማዬ ውስጥ እራት ስንበላ፣ ላገባው ስላሰብኩት ሰው ነግሬአት ዝም ስትል ወሽመጤ ቁርጥ አለ።

ዝም ከማለቷ በፊት አንድ ነገር ጠይቃኛለች። ሥራው ምንድን ነው አላለችም። ጸባዩስ፣ እምነቱስ አላለችም። «የማን ልጅ ነው?» ነው ያለችው።

«እናቱን ታውቂያቸዋለሽ» አልኳት። «ቅዳሜ ቅዳሜ ልብስ ያጥቡልን የነበሩት ሴትዮ።»

«አጣቢዋ?»

«አዎ።»

የጠቀለለችውን ጉርሻ ትሪው ላይ መልሳ አስቀመጠችው። ቆይታ ደግሞ «እዚህ አገር ነፋሱ ሰው ይገፋል» አለች። «ይገፋል» አልኳት። ከዚያ በኋላ ስለ እሱ አንድም ቃል አልተነፈሰችም፤ እኔም መልሴን እንዳገኘሁ ገባኝ።

የልብስ ማጠቢያ ቀን ግቢያችን ነጭ ይሆን ነበር። አንሶላው፣ ጋቢው፣ የአባቴ ሸሚዝ ገመዱ ላይ ሲወዛወዝ እኔ በመካከሉ እሮጣለሁ። እርጥቡ ጨርቅ ፊቴን ሲዳስሰኝ ዓይኔን ጨፍኜ ደመና ውስጥ የገባሁ አደርገዋለሁ። ሴትዮዋ ቧንቧው ሥር ጎንበስ ብለው ያጥባሉ። ምሳቸውን በረንዳው ደረጃ ላይ ይበላሉ። ወደ ማታ እጃቸውን በቀሚሳቸው አድርቀው ሳሎኑ በር ላይ ይቆማሉ። እናቴ ሶፋዋ ላይ እንደተቀመጠች «የጋቢው እድፍ ለቀቀ?» ትላቸዋለች፤ «ለቋል እትዬ» ብለው ይሰናበታሉ። እናቴ ክፉ ሴት አልነበረችም። ለዓመት በዓል ልብስ ትሰጣቸው ነበር፣ ሲታመሙም ሐኪም ቤት ወስዳቸዋለች። በዚያ ሁሉ ዓመት ግን ወንበራችን ላይ ሲቀመጡ አላየሁም። አለማየቴንም ያኔ አላስተዋልኩትም።

ልጃቸውን በሩቁ እንጂ በቅርብ አላውቀውም ነበር። ያገናኘን እዚሁ ዳላስ ያለው የአማርኛ ቤተ ክርስቲያናችን ነው። አንድ እሁድ ከፕሮግራም በኋላ አዳራሹ ውስጥ ሻይ በወረቀት ኩባያ ይዞ መጣና «ይቅርታ፣ አንቺ የባለ ጽጌረዳው ግቢ ልጅ አይደለሽም?» አለኝ። «ነኝ» ብዬ ቀና ስል የእናቱን ዓይኖች ፊቱ ላይ አየኋቸው። ፊቴ ጋለ። እሱ ግን እንደ ጎረቤት ልጅ ስለ ሰፈሩ ዳቦ ቤት፣ ስለ ቁልቁለቱ፣ ስለ ክረምቱ ጭቃ ያወራኝ ጀመር።

እሱ ሆስፒታል ውስጥ ነርስ ነው፤ እናቱንም ወደዚህ አምጥቷቸዋል። እኔ ደግሞ ግሬፕቫይን፣ ኤርፖርቱ አጠገብ ያለ ሆቴል እሠራለሁ። እናቴ ለዘመድ አዝማድ «ልጄ ሆቴል ነው የምትሠራው» ስትል፣ የሰማው ሁሉ ሱፍ ለብሼ እንግዳ የምቀበል ይመስለዋል። እኔ ምድር ቤት ውስጥ ከማድረቂያ የወጣ አንሶላ አጥፋለሁ። ሥራውን አልጠላውም። አንሶላው ትኩስ ነው፣ ነጭ ነው፣ ማለቂያ የለውም፤ አንዳንዴ እያጠፍኩ ቆሜ የማልም ይመስለኛል። መኪናዬ የተበላሸች ቀን ሊወስደኝ መጥቶ ከዚያ ምድር ቤት እጅጌዬን ሰብስቤ፣ ሳሙና ሳሙና እየሸተትኩ ስወጣ አየኝና «ሶ፣ አሁን ተራው የእናንተ ሆነ ማለት ነው?» አለኝ። ለቅጽበት ደሜ ፈላ። ከዚያ ፊቱን አየሁትና ሳቄ መጣ፤ እንባዬ እስኪወርድ ሳቅሁ። የወደድኩት ያኔ ነው። ሌላ ምክንያት ፈልጌ አላገኘሁም።

እናቴ ቤተ ክርስቲያናችንን ወደደችው። መጋቢው በእግዚአብሔር ፊት ታላቅና ታናሽ እንደሌለ ሲሰብክ «አሜን!» የሚለው ድምፅዋ ከመዘምራኑ ሁሉ ይጎላል። እሱ ሁለት ረድፍ ወደፊት ተቀምጦ ድምፅዋን ይሰማል። አሜን የእሁድ ነው፤ «የማን ልጅ ነው?» ደግሞ የሰኞ። ተናድጄባት ነበር፤ መናደዴንም አልደበቅኋትም። ሳህን ሳጥብ እያንኳኳሁ አጥብ ነበር።

ቢሆንም የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎች ሊመጡልን ተስማምተው ነበር። ሽማግሌ እንዴት እንደሚመጣ ከልጅነቴ አስታውሳለሁ። አክስቴ ስትጠየቅ ሦስት ነጭ የለበሱ ሰዎች ሳሎናችን ገብተው ቆሙ። «ተቀመጡ» ቢባሉ «የመጣንበት ሳይሰማ አንቀመጥም» አሉ። አባቴም ሽማግሌ ቆሞ እሱ ሊቀመጥ አይገባምና ከወንበሩ ተነሥቶ ቆመ። እንዲያ ቆመው ተነጋገሩ፤ በመጨረሻ ሌላ ቀጠሮ ተሰጣቸው። ሴት ልጅ በመጀመሪያው ቀን እሺ አይባልባትም። እናቴ ግን ቀጠሮ ትሰጣለች ብዬ አላሰብኩም። ዝም ብላ ሽማግሌዎቹን ታሰናብታቸዋለች፣ ወደ አገሯ ትመለሳለች፣ እኔም እሷን አሳዝኜ አላገባም፤ ነገሩ በዚያው ይቀራል ብዬ ፈራሁ።

መምጫቸው ሳይደርስ አንድ ቅዳሜ የሥራ ባልደረባዬ ሁለት የሲኒማ ትኬት ሰጠችኝ። ግሬፕቫይን ዋናው መንገድ ላይ ያለ አሮጌ ሲኒማ ቤት፣ አልፎ አልፎ ድምፅ ያልነበረበትን ዘመን ፊልም በፒያኖ እያጀበ ያሳያል። ስለ ምን እንደሆነ አልጠየቅኩም። እናቴን ከቤት ላውጣት ብዬ ብቻ ወሰድኳት። ለኤሲው ቅዝቃዜ ሹራብ ደርባ፣ ነጠላዋን አጣፍታ፣ ከሽማግሌ ፈረንጆች መካከል ተቀመጠች።

መብራቱ ጠፋ። ከኋላችን ብርሃን ፈሰሰና ግራጫ ሰዎች ግራጫ አትክልት ውስጥ መራመድ ጀመሩ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ ግን የለም። ፒያኖው ብቻ ከሥር ይሄዳል። ሕልም ላይ የሞተ ሰው ሳይናገር የሚለው ይገባን የለ? እንደዚያ ነበር። አዳራሹ ውስጥ ያለነው ሁሉ አንድ ሕልም ተካፍለን የምናይ መሰለኝ፤ ሰውነቴ ሁሉ ላላ።

ታሪኩ ቶሎ ነው የገባኝ፤ ሲገባኝም ደነገጥኩ። የትልቅ ቤት ልጅ የአትክልተኛውን ሴት ልጅ ይወዳል። እሷ የተጣፈ ቀሚስ ለብሳ አበባ ታስራለች፤ እሱ በመስኮት ያያታል። እናቱ፣ አንገቷ ላይ ዕንቁ የደረደረች እመቤት፣ ደብዳቤያቸውን እሳት ውስጥ ትከታለች። በየመካከሉ ጽሑፍ ሲመጣ ለእናቴ በጆሮዋ ላነብላት ሞከርኩ።

«ተዪኝ፣ ዓይን አለኝ» አለችኝ።

እውነትም ዓይን ነበራት። ብዙም ሳይቆይ እሷ ራሷ ታናግራቸው ጀመር። ልጁ እመቤቲቱ ፊት ሲንበረከክ እናቴ በሹክሹክታ «እማማ፣ እባክሽ» አለችለት። እመቤቲቱ ፊቷን ስታዞር ደግሞ «ለዚህ ነው ያሳደግኩህ? ሰው ምን ይለኛል?» አለችላት። ጽሑፉ ሲመጣ አነበብኩት፤ ብዙም አልሳተችም። ቀጥላ ራሷን ነቅንቃ «እውነቷን ነው» አለች። ጨለማው ውስጥ እጄን ከእጇ ላይ አነሣሁ። በጣም አስከፍታኝ ነበር።

ከዚያ አትክልተኛው ገባ። ስለ ልጁ ሊለምን ነው የመጣው። ፀጉሩ ነጭ፣ ኮቱ የተበደረው የሚመስል፣ ባርኔጣውን በሁለት እጁ የያዘ ሽማግሌ ነው። እመቤቲቱ ወንበሯ ላይ ተቀምጣ ሻይ ትጠጣለች። እሱ ቆሟል። ትጠጣለች። ቆሟል። ፒያኖው ወርዶ ወርዶ አንዲት ድምፅ ብቻ ቀረችው። ማንም ምንም አይለውም። ካሜራውም ከሰውየው ፊት አልነሣ አለ።

«ኧረ ቁጭ በል በሉት!» አለች እናቴ። በሹክሹክታ አይደለም፤ በአሜኗ ድምፅ ነው። «ሽማግሌ ሰው እኮ ነው! ምን ዓይነት ጉድ ነው!»

አዳራሹ ሁሉ ዞረ። ፒያኖ የሚጫወተው ሰውዬም አንገቱን መዘዝ አደረገ። አጠገቤ የተቀመጡት ፈረንጅ አሮጊት ወደ እኔ ጠጋ ብለው ምን እንዳለች ጠየቁኝ። «ሰውየው እንዲቀመጥ ትፈልጋለች» አልኳቸው። «እኔም» አሉኝ፣ በጣም በቁም ነገር።

ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። እናቴ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ቀረች። ሸራው ላይ እመቤቲቱ ተነሣች። ወንበር ልትስብለት መስሎኝ ነበር፤ በሩን ከፍታ ወጣች እንጂ። ሰውየው ባርኔጣውን እያዞረ፣ ባዶውን ወንበር እያየ ብቻውን ቀረ። ከፊልሙ ገና ብዙ ይቀር ነበር። እናቴ ግን ክንዴን ያዘችኝ።

«እንውጣ» አለች። ድምፅዋ ሌላ ነበር።

ስንመለስ ሰማዩ ሰፊ ነበር። አውሮፕላኖቹ ተራ በተራ፣ ከሩቅ ድምፅ ሳያሰሙ ይወርዳሉ። እናቴ መስኮቱን ተደግፋ ዝም አለች፤ እኔም ይህን ዝምታ ከማውቀው ዝምታዋ ለይቼ አላየሁትም። አፓርታማው ጋ ደርሼ ፓርክ ሳደርግ ቀበቶዋን ሳትፈታ ተናገረች።

«ሽማግሌዎቹ ይቅሩ። እናቱ ትምጣ።»

«ለምን?»

ቀበቶዋን ፈትታ ወረደች።

ለእሱ ኮል አድርጌ ነገርኩት። «ማለቴ፣ እናቴን እናትሽ ፊት ድጋሚ ላቆማት ነው?» አለኝ። «እኔን እንዳሻቸው ይበሉኝ፣ ኦኬ ነኝ። እሷን ግን አላመጣትም።» አልፈረድኩበትም። እኔም አታምጣቸው ልለው አፌ ላይ ደርሶ ነበር።

የወሰኑት እሳቸው ራሳቸው ናቸው። ከልጃቸው ጋር ቪከሪ ሜዶ የሚባል ሰፈር ይኖራሉ። ልጃቸው ሌላ ሰፈር ቤት እንግዛ ቢላቸው «ጎረቤቶቼን ትቼ?» ብለው እምቢ ያሉ ሴት ናቸው። ጎረቤቶቻቸው ከየአገሩ የመጡ ናቸው፤ ማንም የማንን ቋንቋ አያውቅም፤ በእጅና በሳቅ ይግባባሉ። ልጃቸው የእናቴን መልእክት ሲነግራቸው «እሄዳለሁ» አሉት። «ከእትዬ ጋር መነጋገር ለኔ አዲስ ነገር ነው እንዴ?»

እሁድ ከሰዓት ከልጃቸው ጋር መጡ። ነጭ ቀሚስ ለብሰው፣ ራሳቸው የጋገሩትን ዳቦ በጨርቅ ጠቅልለው ይዘዋል። በሩ ላይ ጫማቸውን ሊያወልቁ ጎንበስ ሲሉ ቀና አደረግኋቸው። እናቴ ሶፋው ላይ ተቀምጣ ነበር። ተሳሳሙ፤ ግን እንደ እንግዳ ነው የተሳሳሙት። ከዚያ እናቴ መልሳ ተቀመጠችና «እናንተ ውጡ» አለችን።

በረንዳ ላይ ወጣን። የመስታወቱን በር ከኋላችን ሳብ አድርጎ ዘጋው። ሃይዌዩ ይጮኻል፣ የኤሲው ሞተር ይጮኻል፣ ከውስጥ አንድ ድምፅ አይወጣም። መስታወቱ ውስጥ የኔና የእሱ ፊት፣ ከፊታችን በስተጀርባ ደግሞ ሁለቱ ሴቶች ይታያሉ።

እናቱ ሳሎኑ መካከል ቆመዋል፤ እጆቻቸውን ሆዳቸው ላይ አጣምረዋል። እናቴ ተቀምጣለች። ከዚያ ቅዳሜ ወዲህ ያን አትክልተኛ ከዓይኔ ማውጣት አልቻልኩም ነበር። እሱም አጠገቤ ቆሞ ወደ ውስጥ አፍጥጧል። የመንጋጋው ሥር ሲነሣና ሲወድቅ አየሁ።

የእናቴ ከንፈር ተንቀሳቀሰ።

«ምን አሉ?» አለኝ።

«ቁጭ በዪ ያለቻቸው ይመስለኛል።»

እናቱ ራሳቸውን በአሉታ ነቀነቁ። እናቴ እንደገና አለች። እንደገና ነቀነቁ፤ ቀጥለውም ተናገሩ። ሲናገሩ አገጫቸው ቀና አለ። በረንዳችን ደረጃ ላይ ምሳቸውን ሲበሉ የማውቃቸውን ሴት ፊት እንዲያ ቀና ብሎ አይቼው አላውቅም።

ያን ጊዜ እናቴ ተነሣች። ጉልበቷ ያማታል፤ ሶፋውን ተደግፋ ነው የተነሣችው። «ጥላቸው ልትወጣ ነው» አልኩ፤ ጮክ ብዬ ሳልለው አልቀርም፤ እሱ የበሩን እጀታ ያዘ። እናቴ ግን የትም አልሄደችም። ነጠላዋን አስተካክላ እዚያው ቆመች። ሁለቱም ትይዩ ቆሙ፤ አንዳቸውም አይቀመጡም።

ቀድሞ የገባው ለእሱ ነው። እጁን ከእጀታው ላይ አነሣ።

«እናቴ እኮ» አለኝ፣ ድምፁ እየተሰበረ፣ «እንደ በፊቱ አይደለም የቆመችው። ሽማግሌ ሆና ነው።»

የመጡበት ሳይሰማ አይቀመጡም። እናቴም ሽማግሌ ቆሞ አትቀመጥም። ግንባሬን መስታወቱ ላይ አስደግፌ አለቀስኩ። ምን እንደተባባሉ አልሰማሁም፤ ልክ እንደዚያ ሲኒማ ቤት ግን አንዱንም ያላየሁት የለም። እናቱ እጃቸውን ወደ በረንዳው፣ ወደ እኛ ዘረጉ። እናቴ ወደ እኛ አላየችም፤ ምንጣፉን ነው ያየችው። ብዙ ቆየች። ከዚያ ራሷን ከፍ ዝቅ አደረገችና የእናቱን ክንድ ይዛ ራሷ ትቀመጥበት የነበረው ቦታ ላይ አስቀመጠቻቸው። አጠገባቸው ተቀመጠች።

በሩን የከፈተችልን እናቴ ናት።

«ግቡ እንጂ፣ ሙቀቱ ፈጃችሁ!» አለች። «ሰርጉ የት እንደሚሆን ገና አልተስማማንም። እዚህ ይሁን ይላሉ፤ እኔ ደግሞ ሰፈራችን።»

በኋላ ኩሽና ውስጥ ዳቦውን ስቆርስ «ቀጠሮ ሳትሰጪ?» አልኳት። «ቀጠሮው ረዝሞ የለ?» አለችኝና ሳህኑን ተቀብላኝ ወጣች።

ሰርጉን እዚህ አደረግነው፤ «ሰፈራችን» የሚለው የእናቴ ሐሳብ ተሸነፈ። ወደ አዲስ አበባ ስትመለስ ኤርፖርት ድረስ ሦስት ሆነን ሸኘናት። ለጉልበቷ ብለን ተሽከርካሪ ወንበር አዘን ነበርና አንዲት ሠራተኛ ይዛላት መጣች። እናቴ ተቀመጠች፣ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አደረገች፣ ከእኔ ጋር ተላቀስን። የባለቤቴ እናት ሊሰናበቷት ጎንበስ ሲሉ ግን ሁለቱን የወንበር እጀታዎች ይዛ ለመነሣት መታገል ጀመረች።

«ኧረ ቁጭ ይበሉ፣ እትዬ! ጉልበትዎ!» አሏት።

«አልቀመጥም» አለች እናቴ። እያቃሰተች ቀጥ ብላ ቆመች። «እርስዎ ስንት ዓመት በሬ ላይ ቆመውልኝ የለ።»

እዚያው፣ ሻንጣ በሚጎትተው ሰው መካከል ቆመው ተቃቀፉ። ረጅም ጊዜ ነው የቆሙት። ሠራተኛዋም ባዶውን ወንበር ይዛ ጠበቀቻቸው።